ቢላል የሚለው ስም፦ ከመካ እስከ ሳፔሎ

ቢላል የዓረብኛ ስም ነው። የወጣበት ሥር ማራስን፣ ማርጠብን ያመለክታል፤ ቃሉ ራሱ በጥንቱ ዓረብኛ ጉሮሮ የሚያርስ ውሃ ወይም ወተት ማለት ነበር። ዝናብ ብርቅ በሆነበት አገር የእርጥበት ፍቺ እየሰፋ ሄዶ ወደ ሰው ግንኙነትም ገብቷል። የተቆራረጠ ዝምድና ደረቅ፣ የሚጠያየቅ ዘመድ እርጥብ ይባል ነበር። ነቢዩ ሙሐመድ ለቁረይሽ ወገኖቻቸው የዘመድነቱን ወግ እንደማይነፍጓቸው ሲናገሩ «ቢላል» የሚለውን ቃል በዚሁ ፍቺው መጠቀማቸው በሐዲስ ተዘግቧል። ከሕመም ማገገምም ከዚሁ ሥር በወጣ ግስ ይነገራል። ስሙ እንግዲህ መልካም ምኞት ያዘለ ነው። ይሁን እንጂ ዛሬ ልጁን ቢላል ብሎ የሚጠራ ወላጅ ውሃም ወተትም አያስብም፤ የሚያስበው አንድን ሰው፣ የነቢዩን የሶላት ጠሪ፣ ነው። የቃሉ ፍቺ በሰውየው ዝና የተዋጠው በአንድ ትውልድ ዕድሜ ውስጥ ነው። ከዚያ ወዲህ ስሙ የተጓዘባቸው መንገዶች ግን ሁለት ናቸው፤ አንዱ የክብር፣ ሌላው የባርነት። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከ525 እስከ 610፦ ገና ዝና ያልነበረው ስም

ከእስልምና በፊት ቢላል ተራ የዓረብ ስም ነበር። ለዚህ ጥሩ ማስረጃ የሚሆነው ቢላል ኢብን አል-ሓሪስ ነው፤ ከሙዘይና ጎሣ የተወለደ ነጻ ዓረብ ሲሆን ኋላ ከነቢዩ ባልደረቦች አንዱ ሆኖ የቀበሊያን የማዕድን ስፍራ በስጦታ ተቀብሏል። ስሙ የባሪያ ወይም የባዕድ ስም ብቻ ቢሆን ኖሮ የሙዘይና ሰው ለልጁ ባላወጣው ነበር።

የዘመኑ የስም አወጣጥ ልማድ ግን የራሱ የሆነ ስሌት ነበረው። የጥንት የዓረብኛ ሊቃውንት እንደሚያስረዱት ዓረቦች ለወንድ ልጆቻቸው ሻካራ ስም ይመርጡ ነበር፦ ሐርብ (ጦርነት)፣ ሰኽር (ቋጥኝ)፣ ከልብ (ውሻ)። የልጅ ስም ጠላት ማስደንገጫ ነውና። ለባሪያ ደግሞ የሚጠራውን ጌታ ጆሮ ደስ የሚያሰኝ ስም ይሰጠው ነበር፦ የሳር (ምቾት)፣ አፍለሕ (የተሳካለት)፣ ረባሕ (ትርፍ)። ይህ ልማድ ሥር የሰደደ ከመሆኑ የተነሣ ባሪያን በእነዚህ ስሞች መጥራትን የሚከለክል ሐዲስ እስከ መኖር ደርሷል፤ «ትርፍ ቤት አለ?» ተብሎ «የለም» መባሉ መጥፎ ገድ ይመስላልና።

ታዋቂው ቢላል የተወለደው ከእንዲህ ያለ ቤተሰብ ነው። አባቱ ረባሕ ነበር፤ የእናቱ ስም ሐማማ ርግብ ማለት ነው። ሁለቱም ስሞች የቤቱን ደረጃ ይናገራሉ። የልጃቸው ስም ግን ለባሪያም ለጨዋም የሚሆን፣ ከሁለቱ ወገን መካከል የቆመ ስም ነበር።

ቢላል ሐበሻ ነበር፤ ሐበሾች በመካ መገኘታቸውም ድንገተኛ ነገር አልነበረም። የአክሱሙ ንጉሥ ካሌብ በ525 ገደማ ቀይ ባሕርን ተሻግሮ የሒምየርን መንግሥት ካሸነፈ በኋላ በየመን የሐበሻ ጦር ሰፈረ። ከዚያም አብርሃ የተባለው ሹም ራሱን ችሎ ነገሠ፤ በስድስተኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ገደማ ደግሞ ፋርሶች የመንን ያዙ። በዚህ ሁሉ ውጣ ውረድ መሐል የተማረኩ፣ የተሸጡ፣ ጌታ የቀያየሩ ሐበሾች በምዕራብ ዓረቢያ ከተሞች ተበትነዋል። ቢላልም በመካ የበኑ ጁመሕ ነገድ ንብረት ሆኖ አደገ።

ከ610 እስከ 622፦ ባሪያው በመካ

ነቢዩ ሙሐመድ መስበክ ሲጀምሩ ከመጀመሪያዎቹ ተቀባዮች መካከል ባሮችና ጎሣ የሌላቸው ሰዎች ይገኙ ነበር። በመካ የሰውን ደም የሚጠብቀው የጎሣው ክንድ ስለነበረ ስቃዩ የበረታው በእነዚህ ላይ ነው። የቢላል ጌታ ኡመያ ኢብን ኸለፍ ከከተማው ሀብታሞች አንዱ ነበር። የጥንት ታሪክ ጸሐፊዎች እንደሚተርኩት ባሪያውን በቀትር አሸዋ ላይ አጋድሞ ደረቱ ላይ ቋጥኝ እያስጫነ እምነቱን እንዲክድ ያስገድደው ነበር። የቢላል መልስ አንዲት ቃል ነበረች፦ «አሐድ»፣ አንድ። ዓረብኛ የማያውቅ አማርኛ ተናጋሪም ይህችን ቃል ከግዕዙ «አሐዱ» ጋር አዛምዶ ይረዳታል።

አቡበክር ቢላልን ከጌታው ገዝቶ ነጻ አወጣው። ዋጋውን አንዱ ዘገባ በወርቅ ያሰላዋል፤ ሌላው በሌላ ባሪያ መለወጡን ይናገራል። እዚህ ላይ ብዙ ጊዜ የሚደባለቅ ነገር አለ። በ615 ገደማ ወደ አክሱም ከተሰደዱት ሙስሊሞች መካከል ቢላል የለም። ሐበሻ መሆኑና ሐበሻ ምድር መጠጊያ መሆኗ ጎን ለጎን ስለሚነገር ብቻ ብዙዎች አብሮ የሄደ ይመስላቸዋል።

ከ622 እስከ 641፦ ስሙ ድምፅ ሆነ

ወደ መዲና ከተደረገው ስደት በኋላ መስጊድ ተሠራ፤ ምእመኑን ለሶላት የሚጠራበት ዘዴ ግን ገና አልተገኘም ነበር። የአይሁድ ቀንደ መለከትና የክርስቲያኖች የእንጨት መደወያ ሐሳብ ሆነው ቀርበው ነበር። ዐብዱላህ ኢብን ዘይድ የተባለ ሰው የጥሪውን ቃላት በሕልሙ ሰምቶ ሲናገር ነቢዩ ቃላቱን ለቢላል እንዲያስተምረው አዘዙት፤ ምክንያቱም የቢላል ድምፅ ሩቅ ይደርሳል። ሚናራ ባልነበረበት በዚያ ጊዜ ቢላል አዛን የተባለውን ጥሪ ንጋት ላይ የሚያሰማው በመስጊዱ አጠገብ ካለ ቤት ጣሪያ ላይ ቆሞ ነበር። ሶላት ከእንቅልፍ እንደሚበልጥ የሚያስታውሰውን የንጋት ሐረግ የጨመረውም እሱ መሆኑ ይተረካል።

የስሙ ዕጣ የተወሰነው በዚህ ነው። ቢላል በበድር ጦርነት ተዋግቷል፤ የቀድሞ ጌታው ኡመያም በዚያው ውጊያ ወድቋል። የነቢዩ ግምጃ ቤት ጠባቂም ነበር። በበዓል ቀን በፊታቸው አጭር ጦር ይዞ ይሄድ ነበር፤ ይህች ጦር የሐበሻው ነጋሢ ከላካቸው ጦሮች አንዷ መሆኗን የቀድሞ ዘጋቢዎች ጽፈዋል። ሕዝብ አእምሮ ውስጥ የቀረው ግን ጠሪው፣ ሙአዚኑ ቢላል ነው።

የታሪኩ ጫፍ 630 ላይ ይገኛል። መካ በሙስሊሞች እጅ ስትገባ ነቢዩ ቢላልን ከካዕባ ላይ ወጥቶ አዛን እንዲያሰማ አዘዙት። ከጥቂት ዓመታት በፊት በዚያችው ከተማ አሸዋ ላይ ሲጎተት የነበረ ሰው ከቅዱሱ ቤት አናት ላይ ቆመ። አንዳንድ የቁረይሽ መኳንንት በዚህ ማጉረምረማቸው ተመዝግቧል፤ ማጉረምረማቸውም የድርጊቱን ክብደት በሚገባ እንደተረዱት ያሳያል።

በ632 ነቢዩ ካረፉ በኋላ ቢላል አዛን ማሰማቱን ተወ፤ ወደ ሻም (ሶርያ ምድር) የዘመተውን ጦር ተከትሎም ሄደ። ኸሊፋው ዑመር ሻምን ሲጎበኝ በልመና አንድ ጊዜ ተጣርቶ ሠራዊቱን እንዳስለቀሰ ይተረካል። ዑመር ስለ ቢላል የተናገረው ንግግር በስሙ ታሪክ ውስጥ ልዩ ስፍራ አለው፦ አቡበክር ጌታችን ነው፣ ነጻ ያወጣውም ጌታችንን ነው የሚል ይዘት ነበረው። ባሪያ የነበረ ሰው «ሰይዲና» (ጌታችን) ተብሎ ተጠራ፤ እስከ ዛሬም የኢትዮጵያ ሙስሊሞች ሰይዲና ቢላል ይሉታል። ያረፈው በ640 ወይም በ641 ገደማ በደማስቆ ሲሆን በባብ አስ-ሰጊር መቃብር የሚገኘው መታሰቢያው የታወቀ ነው፤ ሌሎች የሻም ከተሞችም መቃብሩ እኛ ዘንድ ነው ይላሉ።

ከ641 እስከ 870፦ የመኳንንት ልጆች ቢላል ሲባሉ

አንድ ስም መክበሩ የሚታወቀው ማን ለልጁ እንዳወጣው ሲታይ ነው። የዑመር ልጅ ዐብዱላህ ከልጆቹ አንዱን ቢላል አለው። የኸሊፋ የልጅ ልጅ፣ የቁረይሽ ጨዋ፣ በሐበሻው ነጻ ወጪ ስም ተጠራ ማለት ነው። አንድ ገጣሚ ይህን ወጣት ሲያሞካሽ ከቢላሎች ሁሉ በላጭ ነው ቢል አባቱ ዐብዱላህ ወዲያው አቋረጠው፤ በላጩ የነቢዩ ቢላል ነው ብሎ አስተባበለ። በሐዲስ መጻሕፍት የተጠበቀችው ይህች አጭር ወሬ ከረጅም ሐተታ ይልቅ ትናገራለች። ስሙ ባለቤት አግኝቷል፤ ሌሎቹ የተዋሱት ናቸው።

በኡመያዎች ዘመን ስሙ በባለሥልጣን ቤቶች ይታያል። የታዋቂው ሶሓባ (የነቢዩ ባልደረባ) የአቡ ሙሳ አል-አሽዐሪ የልጅ ልጅ ቢላል ኢብን አቢ ቡርዳ በስምንተኛው ክፍለ ዘመን የበስራ ዳኛና ገዥ ነበር፤ ዙር-ሩማ የተባለው የበረሃ ገጣሚ አወድሶታል። ታላቁ ገጣሚ ጀሪርም ቢላል የሚባል ልጅ ነበረው።

ግን የግዛቱ መስፋት ሌላ ነገርም አመጣ። ባሪያ በብዛት ከምሥራቅ አፍሪካ ወደ ኢራቅ ይጋዝ ጀመር፤ ጥቁርነትና ባርነትም በሕዝብ አፍ እየተቀራረቡ ሄዱ። የበስራው ጸሐፊ አል-ጃሒዝ በዘጠነኛው ክፍለ ዘመን ጥቁሮች በነጮች ላይ ስላላቸው ብልጫ የሚከራከር ድርሰት ሲጽፍ ከምስክሮቹ አንዱ ያደረገው ቢላልን ነው። ከዚህ ጊዜ ጀምሮ ቢላል የሚለው ስም የሰው ብቻ ሳይሆን የክርክር ስም ሆነ።

ከ12ኛው እስከ 16ኛው ክፍለ ዘመን፦ መጽሐፍ፣ ተረትና የዘር ሐረግ

ክርክሩ አላባራም። የባግዳዱ ኢብን አል-ጀውዚ በ12ኛው፣ የካይሮው አስ-ሱዩጢ በ15ኛው ክፍለ ዘመን የጥቁሮችንና የሐበሾችን ክብር የሚያነሡ መጻሕፍት ጽፈዋል፤ በሁለቱም ቢላል በክብር ተጠቅሷል። እንዲህ ያለ መጽሐፍ ደጋግሞ መጻፉ ራሱ የሚያስፈልግበት ችግር እንደነበረ ይመሰክራል።

በዚሁ ዘመን አንድ ተረት ተስፋፋ። ቢላል «ሸ»ን «ሰ» እያለ አዛኑን ያበላሽ ነበር፣ ግን የእሱ «ሰ» በአላህ ዘንድ «ሸ» ናት የሚል ነው። ልብ የሚነካ ይመስላል፤ ነገር ግን ከሽንገላ ያለፈ አይደለም። በ14ኛው ክፍለ ዘመን የኖረው ደማስቆሳዊው ሊቅ ኢብን ከሲር ይህ ወሬ መሠረት የለውም ብሎ ጥሎታል። ነቢዩ የመረጡት ድምፁ ስለሚያምርና ስለሚሰማ ነው፤ መካ ውስጥ ያደገ ሰውም ዓረብኛ የሚያስቸግረው ባዕድ አልነበረም። ተረቱ ስለ ቢላል ከሚናገረው ይልቅ ከጥቁር ሰው ምን ይጠበቅ እንደነበረ ይናገራል። ሱፊዎቹ ግን ይህን መሰሉን ወሬ ለሌላ ዓላማ ተጠቀሙበት፤ በ1273 ያረፈው ጀላሉዲን ሩሚ መስነዊ በተባለው የግጥም መጽሐፉ የቢላልን ነገር በሰፊው ሲተርክ የልብ ንጽሕና ከአንደበት ጥራት እንደሚበልጥ ማሳያ አድርጎታል።

ከሁሉ የሚያስደንቀው የስሙ ጉዞ በምዕራብ አፍሪካ የታየው ነው። የማሊን መንግሥት በ13ኛው ክፍለ ዘመን ያቆመው የሱንጃታ ዘር፣ የኬይታ ቤተሰብ፣ ቢላሊ ቡናማ ከተባለ አባት እንደሚወርድ የማንዴ የቃል ታሪክ ጠባቂዎች ይናገራሉ፤ ይህም የነቢዩ ሙአዚን ቢላል ነው። እንደ ትረካው ከልጆቹ አንዱ ከመካ ተነሥቶ ማንዴ ምድር ሰፈረ። ጊኒያዊው የታሪክ ምሁር ጅብሪል ታምሲር ኒያን በ1960 ያሳተመው የሱንጃታ ታሪክም ይህንኑ የዘር ሐረግ ይዟል። ታሪክ ተመራማሪዎች ሐረጉን እንደ ሥጋ ዝምድና አይወስዱትም፤ ምርጫው ግን ትኩረት የሚሻ ነው። በሌሎች የእስላም አገሮች ያሉ ነገሥታት ዘራቸውን ከቁረይሽ ለመምዘዝ ሲሽቀዳደሙ የማሊ ነገሥታት ወደ መካ የሚያደርሳቸውን ድልድይ ከጥቁሩ ሶሓባ ላይ ጣሉ። የሰለሞንን ዘር የቆጠሩ ነገሥታት አገር ሰው ይህ ስሌት እንግዳ አይሆንበትም።

ከ16ኛው እስከ 19ኛው ክፍለ ዘመን፦ የባሪያ ስም፣ የባሪያ ጠባቂ

የባሪያ ንግዱ በቀይ ባሕር፣ በሕንድ ውቅያኖስና በሰሃራ ሲጧጧፍ የጥንቱ የስም ልማድ ተመለሰ። በቱርክ ቤተ መንግሥት፣ በባሕረ ሰላጤውና በዛንዚባር የነበሩ ባሮች አንበር፣ ያቁት፣ መርጃን፣ ሙባረክ ይባሉ ነበር፤ ዕንቁ፣ ሽቶና በረከት። ከኢትዮጵያ ተሽጦ ሄዶ በሕንድ የአሕመድናጋርን መንግሥት እስከ መምራት የደረሰው መሊክ አንበርም ስሙ ከዚያው መዝገብ ነው። ቢላልም ከእነዚህ ጋር ተመዘገበ። ጌታው ቢላል ሲለው የጥቁር ባሪያ ተገቢ ስም ብሎ፣ ባሪያው ደግሞ የነጻ ወጪ አባት ስም ብሎ ሊሸከመው ይችላል። አንድ ስም በሁለት ወገን እንዲህ የተለያየ ነገር ሲሸከም ማየት ያልተለመደ ነው።

በሞሮኮ ከሰሃራ በታች የመጡ ባሮች ልጆች የሆኑት ግናዋዎች ሲዲ ቢላልን ጠባቂያቸው አድርገው ይዘዋል፤ በአልጄሪያና በቱኒዝያ ያሉ መሰሎቻቸውም እንዲሁ። ጎሣና የዘር ሐረግ ለተነጠቀ ሕዝብ ቢላል የሃይማኖት አባት ብቻ አልነበረም፤ የጠፋውን አባት ቦታም ተክቷል። በኤስዋይራ ከተማ የሚገኘው የግናዋዎች ዛዊያ (የሃይማኖት ማኅበር ቤት) በእሱ ስም ይጠራል። በሕንድ ጉጃራት የሚኖሩ አፍሪካዊ ዘር ያላቸው ሲዲዎችም ከእሱ ጋር የሚያገናኝ የዘር ትውፊት አላቸው።

በኦቶማን ቱርክ ነገሩ በሌላ መልክ ሄደ። እያንዳንዱ የሙያ ማኅበር የራሱ ቅዱስ አባት ሲኖረው የሙአዚኖቹ አባት ቢላል ሆነ። በማላይ ምድር ደግሞ ስሙ ጭራሹን የወል ስም ሆነ፤ በማሌዥያና በኢንዶኔዥያ ዛሬም «ቢላል» ማለት የመስጊድ ሙአዚን ነው፣ ስሙ ማንም ይሁን።

የአትላንቲክ ባሪያ ንግድ ስሙን ወደ አሜሪካ አሻገረው። በጆርጂያ ግዛት ባሕር ዳር ባለችው በሳፔሎ ደሴት፣ በቶማስ ስፖልዲንግ እርሻ ላይ፣ ቢላሊ ሙሐመድ የሚባል ሰው ነበር። የተወለደው በፉታ ጃሎን፣ በዛሬዋ ጊኒ ቲምቦ፣ ሲሆን በልጅነቱ ቁርኣንና የሃይማኖት ሕግ ተምሯል። በእርሻው ላይ የባሮቹ አለቃ ሆኖ ሲሠራ አምስት ጊዜ መስገዱን፣ መጾሙን አልተወም። በ1850ዎቹ ሲሞት በዓረብኛ ፊደል የተጻፈ አሥራ ሦስት ገጽ ጥራዝ ትቶ አለፈ። ሰዎች ለረጅም ጊዜ የግል ማስታወሻው አድርገው ቢያዩትም ምሁራን ሲመረምሩት በሰሜንና በምዕራብ አፍሪካ ከሚማሩት የማሊኪ ሕግ መጽሐፍ፣ ከኢብን አቢ ዘይድ አል-ቀይረዋኒ ሪሳላ፣ በቃል የታወሱ ክፍሎች ሆነው ተገኙ። ከነዚያ መካከል ስለ ትጥበትና ስለ አዛን የሚናገሩ ይገኛሉ፤ በሙአዚኑ ስም የሚጠራ ሰው በባርነት ምድር የአዛንን ሥርዓት በእጁ ጽፎ ነበር ማለት ነው። በ1930ዎቹ የልጅ ልጆቹ ተወላጆች ስለ አያታቸው ጸሎትና መቁጠሪያ ለመዝጋቢዎች ተናግረዋል፤ በደሴቲቱ ያለው ቤይሊ የሚለው የቤተሰብ ስምም ከቢላሊ የመጣ መሆኑ ይነገራል።

ከ1924 እስከ ዛሬ፦ የሕዝብ ስም ለመሆን የተቃረበ ስም

በ20ኛው ክፍለ ዘመን የቅኝ ግዛትና የዘር ጥያቄ ስሙን እንደገና አነቃው። የሕንዱ ገጣሚ ሙሐመድ ኢቅባል በ1924 በታተመው የኡርዱ መድብሉ ቢላል የሚል ርእስ ያላቸው ሁለት ግጥሞች አካቷል።

በአሜሪካ የነገሩ ስፋት ይበልጣል። የጥቁር አሜሪካውያን ሃይማኖታዊ እንቅስቃሴ የሆነው የኔሽን ኦፍ ኢስላም መሪ ኤላይጃ ሙሐመድ በ1975 ሲሞት ልጁ ዋሊስ፣ ኋላ ዋሪስ ዲን ሙሐመድ የተባለው፣ እንቅስቃሴውን ወደ ሱኒ እስልምና መለሰው። ለጥቁር አሜሪካውያንም አዲስ መጠሪያ አቀረበ፦ ቢላላውያን። ምክንያቱ ግልጽ ነበር፤ ባሪያ አሳዳሪዎች ካወጡት ስም ይልቅ ከባርነት ወጥቶ የከበረ ሰው ስም ይሻላል ነው። የድርጅቱ ጋዜጣም በዚያው ዓመት ቢላልያን ኒውስ ተባለ። መጠሪያው ግን ከእንቅስቃሴው አባላት ውጭ ብዙም አልገፋም፤ በ1980ዎቹ መጀመሪያ ጋዜጣው ስሙን ሲቀይር እሱም አብሮ ደበዘዘ። ብዙ ቢላል የሚባሉ ልጆችና በስሙ የተጠሩ መስጊዶች ግን ቀርተዋል።

በ1976 የወጣው የሙስጠፋ አል-ዐቃድ ፊልም «ዘ ሜሴጅ»፣ ጋምቢያዊው ጆኒ ሴካ ቢላልን ሆኖ የተጫወተበት፣ ታሪኩን መጽሐፍ ላላነበበው ሕዝብ ሁሉ አደረሰ። ነቢዩ በፊልሙ ስለማይታዩ ከፊት የሚታዩት ሌሎች ሰዎች ናቸው፤ ቢላል ከካዕባ ላይ የሚጣራበት ትዕይንትም ለብዙ ተመልካች ከፊልሙ ሁሉ የማይረሳው ነው። በ2015 ደግሞ በዱባይ የተሠራ የአኒሜሽን ፊልም ሕይወቱን ለልጆች አቅርቦታል። በፈረንሳይ ስሙ ከማግሪብና ከምዕራብ አፍሪካ በመጡ ቤተሰቦች ዘንድ የተለመደ ነው፤ በ2019 አገሪቱን ወክሎ በዩሮቪዥን የዘፈነው ቢላል ሐሳኒ ይባላል።

በኢትዮጵያ ስሙ ከወሎ እስከ ሐረር፣ ከጅማ እስከ አዲስ አበባ ባሉ ሙስሊሞች ዘንድ ይወጣል፤ ለመስጊድም ይሰጣል። በቅርብ ዘመን የኢትዮጵያ ሙስሊሞችን ጉዳይ የሚዘግብ አንድ የሬድዮ ጣቢያም ቢላል ተብሏል፤ ለድምፅ ሥራ የሙአዚኑ ስም መመረጡ የሚጠበቅ ነው። የአገሩ መጠሪያ ከስሙ ጋር ተጣብቆ የሚነገረው ይበልጡን በውጭ ነው። በቱርክ ከተሞች ቢላሊ ሐበሺ የሚባሉ መስጊዶች በርካታ ናቸው፤ በኢትዮጵያ ያሉት ግን አብዛኛውን ጊዜ ቢላል መስጊድ ብቻ ይባላሉ።